የማን ልጅ ነህ? ኢትዮጵያዊው አጭር የሙከራ ፊልምና ራስን የማየት ጥያቄ

አዲስ አበባን የሚያሳይ ፊልም ሁሉ፣ ከጥቂቱ በቀር፣ አንድ ጊዜ እንጦጦ ላይ ይወጣል። ካሜራው ከባሕር ዛፉ መካከል ብቅ ብሎ ከተማዋን ቁልቁል ያያታል። የዘፈን ክሊፕ ከሆነ ዘፋኟ ጥበቧን ለብሳ ጫፉ ላይ ትቆማለች፤ የውጭ አገር ዘጋቢ ፊልም ከሆነ ማገዶ የተሸከሙ ሴቶች ወገባቸው ጎብጦ ቁልቁለቱን ይወርዳሉ። የእንጦጦ ፓርክ በ2013 ዓ.ም. መጀመሪያ ከተከፈተ ወዲህ ደግሞ ስልክ ያለው ወጣት ሁሉ ከዚያው ከፍታ ራሱን ይቀርጻል። ሦስቱም ምስሎች እውነት ናቸው። ችግራቸው ሌላ ነው፤ የሚታየው ሰው ማን እንደሆነ ካሜራው ሳይከፈት ተወስኗል። ዘፋኟ ባህል ናት፣ ማገዶ ተሸካሚዋ ድህነት ናት፣ ወጣቱም «እዚህ ነበርኩ» ነው።

እዚህ የምመለከተው ይህን ውሳኔ አንቀበልም ያሉትን ፊልሞች ነው። አጫጭር ናቸው፤ ከመነሻ እስከ መድረሻ የሚወርድ ታሪክ የላቸውም ወይም ያላቸውን ታሪክ ሆን ብለው ይሰባብሩታል። አንዳንዶቹ በሲኒማ አዳራሽ ሳይሆን በግድግዳ ላይ፣ በብዙ ስክሪን፣ ወይም በመስታወት ሣጥን ውስጥ የሚታዩ ናቸው። ቲኬት ቆርጦ የሁለት ሰዓት የፍቅር ኮሜዲ ማየት የለመደ የአዲስ አበባ ተመልካች «ይሄ ደግሞ ምን ለማለት ነው?» ቢል መብቱ ነው፤ በዚህ ዘርፍ ባዶነትን በጥልቀት ስም የሚያቀርብ ሥራ ሞልቷልና። (ከዚህ በታች ዓ.ም. ብዬ ካልጠቀስኩ በቀር ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የማንነት ጥያቄ በሙከራ ፊልም ሲነሳ በአብዛኛው መስታወት አብሮ ይመጣል። ማያ ዴረን በ1943 ከባሏ ከአሌክሳንደር ሃሚድ ጋር ሎስ አንጀለስ በሚገኝ ቤታቸው የሠራችው «ሜሽስ ኦቭ ዚ አፍተርኑን» የዘርፉ እናት ነው። በ14 ደቂቃው ፊልም አንዲት ሴት በገዛ ቤቷ ራሷን ደጋግማ ታገኛለች፤ ፊቱ መስታወት የሆነ ጥቁር የለበሰ ሰው ከፊቷ እየራቀ ይሄዳል። ጥያቄው «እኔ ማን ነኝ?» ነው፤ የሚጠየቀውም በር ተዘግቶ፣ ለብቻ ሆኖ ነው። እኛ ዘንድ ግን አንድ እንግዳ ልጅ ሰፈር ሲገባ ሽማግሌዎቹ የሚጠይቁት ይህንን አይደለም። «የማን ልጅ ነህ?» ይሉታል። ስማችንም ለዚሁ ጥያቄ እንዲመልስ ሆኖ የተሠራ ነው፦ የራስ ስም፣ የአባት ስም፣ የአያት ስም፣ ሰባት ቤት ድረስ።

ኢትዮጵያውያን በአገር ቤትም በውጭም የሠሯቸውን አጫጭር የሙከራ ፊልሞችና የቪዲዮ ሥራዎች አንድ ላይ ሳያቸው ጎልቶ የሚታየኝ ይህ ልዩነት ነው። ምርጦቹ መስታወቱን ወደ ጎን ያደርጉና ሰው ይፈልጋሉ፤ የጠፋ ወንድም፣ ያላወቁት አያት፣ ባሕር ውስጥ የቀረ ስም። ጥንካሬያቸው ከዚያ ነው። የሚሰናከሉትም እዚያው ላይ ነው፤ የሚፈልጉት ሰው ዘመድ ሆኖ ሳለ ፊልሙን የሚያየው ባዳ ነውና።

ከፊልም በፊት የነበረ የማየት ልማድም አለን። በጥንቱ የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ጻድቁ ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይኑ ያየናል፤ ክፉው በጎን ይሣላል፣ አንድ ዓይን ብቻ ይተርፈዋል። የብራና ክታብ የሚቆረጠው በባለቤቱ ቁመት ልክ ነበር፤ ዓይን የበዛባቸው ሥዕሎች ይሣሉበታል፤ ክታቡን የያዘው ሰው የሚያይ ብቻ ሳይሆን የሚታይም ነው። ከዚያ ጉርድ ፎቶ መጣ። ፊት ለፊት፣ ሁለቱም ጆሮ እየታየ፣ ሳይስቁ። የቀበሌ መታወቂያ ላይ ተለጠፈ፤ ከጎኑ ስም፣ ዕድሜ፣ ለረጅም ዘመንም «ብሔር» የሚል መስመር ነበረ። አሁን ብሔራዊ መታወቂያው ፋይዳ የጣት አሻራና የዓይን ብሌን ሲወስድ ያንን መስመር አይጠይቅም። ፊት ለፊት መታየት እንግዲህ እኛ ጋ ሁለት ትርጉም አለው፦ አንዱ ቅድስና፣ ሌላው ምዝገባ። አንድ ፊልም ሠሪ ሰውን አቁሞ ወደ ካሜራው ቀጥ ብሎ እንዲያይ ሲያደርግ ከሁለቱ የትኛውን እንደጠራ ማወቅ አለበት። የማያውቁት ብዙ ናቸው።

በውጭ አገር የተሠሩትን ስናይ መጀመሪያ የሚመጣው ኃይሌ ገሪማ ነው። በ1946 ጎንደር ተወልዶ፣ ተውኔት ጸሐፊ አባት አሳድጎት፣ በ1967 ቺካጎ ድራማ ሊማር ሄደ፤ ከዚያም ወደ ሎስ አንጀለሱ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ተሻገረ። ኃይሌን አብዛኛው ተመልካች የሚያውቀው በ«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»፣ በ«ሳንኮፋ» እና በ2008 ቬኒስ ላይ በተሸለመው «ጤዛ» ነው። የተማሪነት ዘመን አጫጭር ሥራዎቹን ያየ ግን ጥቂት ነው፤ ለዚህ ጉዳይ ዋናዎቹ እነሱ ናቸው ብዬ አምናለሁ።

በ1971 የሠራው «አወር ግላስ» 14 ደቂቃ ገደማ ነው። ጥቁር አሜሪካዊ የቅርጫት ኳስ ተጫዋች በነጭ ተመልካች ፊት ሲሮጥ ራሱን እንደ ሮማውያን ዘመን ታጋይ ማየት ይጀምራል፤ ለሌላው ደስታ የሚፋለም አካል። መጻሕፍት ያነባል፣ ያስባል፣ ሜዳውን በሌላ ዓይን ያየዋል። ቀጥሎ የመጣው «ቻይልድ ኦቭ ሬዚስታንስ» 36 ደቂቃ ነው። ኃይሌ ጥቁር አሜሪካዊቷን ታጋይ አንጄላ ዴቪስን እጇ በካቴና ታስሮ በቴሌቪዥን ካየ በኋላ ያየው ሕልም ነው መነሻው። ባርባራ ኦ. ጆንስ እስረኛዋን ትጫወታለች፤ እስር ቤቱ፣ መጠጥ ቤቱ፣ መንገዱ በሕልም ሥርዓት እየተደባለቁ ያልፋሉ።

ከጎንደር የመጣ ሰው የመጀመሪያ ፊልሞቹ ስለ ጥቁር አሜሪካውያን መሆናቸው ለምን ነው? ኃይሌ አሜሪካ ሲገባ «ሐበሻ ነኝ» የሚለው መልስ የሚሠራለት አገር አልነበረም። ቆዳው ከስሙ በፊት ተነበበ። ብዙ የአገሩ ሰዎች ያኔም ዛሬም ይህን ሲያጋጥማቸው «እኛ እንኳ ሌላ ነን» ብለው ይከራከራሉ፤ እሱ ግን የማን ልጅ እንደሆነ እንደገና ጠየቀና የዘመዶቹን ዝርዝር አሰፋ። በረጅም ፊልሞቹ ኃይሌ አንዳንዴ ያስተምራል፣ ድምፁም ከፍ ይላል፤ እዚህ ግን ሕልሙ ይበልጠዋል። የተማሪ ሥራ ናቸው፤ ድምፃቸውና ቆረጣቸው ይንገጫገጫል። ይህ መንገጫገጭ ጉድለት አይመስለኝም፤ ራሱን ገና እየለየ ያለ ሰው ፊልም ለስልሶ ቢመጣ ነው የሚያጠራጥረኝ።

ሳሌም መኩሪያ በሌላ በኩል መጣች። አዲስ አበባ ተወልዳ አሜሪካ የኖረች፣ በዌልስሊ ኮሌጅ ያስተማረች ናት። በ1991 «ስደት»ን ሠራች፤ በሱዳን የሚኖሩ ስደተኛ ሴቶችን የተከተለ ዘጋቢ ፊልም ነው። በ1990ዎቹ አጋማሽ ግን «የወንዝ ማዕበል»ን አመጣች፣ እዚህ ላይ ቆም ማለት ያስፈልጋል። ርዝመቱ አንድ ሰዓት ስለሆነ በአጭር ፊልም ሚዛን አይገባም፤ ከእሱ በኋላ የመጣውን ለመረዳት ግን ያለ እሱ አይሆንም። አብዮቱን ያሳለፈ ትውልድ ታሪክ ነው፦ ደብዛው የጠፋ ወንድሟና የተረሸነች የልብ ጓደኛዋ መታሰቢያ። ስለ ቀይ ሽብር የተጻፈው ብዙ ነው፤ «እኛ» እና «እነሱ» ተባብሎ የተጻፈው ደግሞ ይበልጣል። ሳሌም የመረጠችው «እኔ» ብላ መናገርን ነው። በአብዮቱ ዘመን ከነበረው የፖለቲካ አማርኛ አንጻር ይህ ደፋር እርምጃ ነው፤ «እኔ» የሚለው ቃል ንዑስ ከበርቴ ያሰኝ ከነበረበት ቤት የወጣች ናትና።

ከዚያ በኋላ አንድ ስክሪን አልበቃትም። በ2003 በቬኒስ ቢያናሌ «ፎልት ላይንስ» በተሰኘው የአፍሪካ ዐውደ ርዕይ ላይ የቀረበው «ረፕቸርስ» ጎን ለጎን በቆሙ ሦስት ስክሪኖች የሚታይ የቪዲዮ ሥራ ነው። ስለ ኢትዮጵያ የሚነገሩ ታሪኮች በአንድ ጊዜ ይሄዳሉ፤ አንዱ ሌላውን ይቃረናል፣ አንዳንዴም ይሸፍነዋል። ተመልካቹ ሦስቱንም እኩል ማየት አይችልም፤ ግራውን ሲይዝ ቀኙ ያመልጠዋል። ባለ ሦስት ክፍል ሥዕል፣ መዝጊያው ሲከፈት መካከል ላይ እመቤታችን የምትታይበት፣ በየገዳሙ ስላለን ቅርጹ ለዓይናችን አዲስ አይደለም። ልዩነቱ፣ ሳሌም መካከለኛውን ቦታ ለማንም አልሰጠችም። ይህን ሥራ ከ«የወንዝ ማዕበል» አስበልጠው የሚያወድሱት አሉ። እኔ አልስማማም፤ ወንድሟን ስትፈልግ የነበረው ሙቀት በሦስቱ ስክሪን መካከል ይበርዳል። ሐሳቡ ግን ቀጥሎ ለመጡት መንገድ ከፍቷል።

ስለ ቴዎ እሸቱ ሰፋ አድርጌ መጻፍ እፈልጋለሁ፤ «የማን ልጅ ነህ?» የሚለው ጥያቄ ከማንም ይልቅ እሱን አሳድዶታል። በ1958 ለንደን ተወለደ፤ ልጅነቱ በአዲስ አበባ፣ በዳካር፣ በቤልግሬድና በሮም አለፈ። በ1980ዎቹ መጀመሪያ ሮም ላይ ቪዲዮ መሥራት ጀመረ፣ ቪዲዮ እንደ ሥነ ጥበብ ገና በሰፊው ባልታወቀበት ዘመን። በ1997 «ደም ንጹሕ ውኃ አይደለም» ሊባል የሚችል ፊልም ይዞ መጣ፤ ወደ ኢትዮጵያ ተጉዞ አያቱን የሚያገኝበት የአንድ ሰዓት ያህል ሥራ ነው። አያቱ ማን ናቸው? ተክለ ጻድቅ መኩሪያ።

ስማቸውን ያላወቀ የድሮ ተማሪ የለም። ከአፄ ልብነ ድንግል እስከ አፄ ቴዎድሮስ፣ ከዚያም ወዲህ እስከ አፄ ኃይለ ሥላሴ፣ ትውልድ የተማረባቸውን የታሪክ መጻሕፍት የጻፉ ናቸው። አስቡት እንግዲህ። ከአውሮፓ የመጣ የልጅ ልጅ «የማን ልጅ ነኝ?» ብሎ የሚጠይቀው፣ ያንኑ ጥያቄ ለአንድ አገር በብዙ ቅጽ የመለሱትን ሰው ነው። አያትየው መልስ አያጡም፤ ነገሥታቱን በየዘመናቸው ይደረድራሉ። ችግሩ ያ መልስ ለልጅ ልጁ አይበቃም፤ እሱ የሚፈልገው የመጽሐፍ ታሪክ ሳይሆን የራሱን ቦታ ነው። ፊልሙም ሁለቱን ለማስታረቅ አይሞክርም። የአያት ድምፅና የልጅ ልጅ ምስል ጎን ለጎን ይሄዳሉ፣ አንዳንዴ ይገናኛሉ፣ አንዳንዴ ይተላለፋሉ። በዳያስፖራ ከተሠሩት «ሥሬን ፍለጋ» ፊልሞች ሁሉ ይህን የምመርጠው ለዚህ ነው፤ ሥሩን አገኘሁ ብሎ አይጨፍርም።

ከሁለት ዓመት በኋላ ቴዎ መስታወቱን ራሱን ወሰደና ሌላ ነገር አደረገበት። «ብሬቭ ኒው ወርልድ» ግድግዳ ላይ የተሰቀለ የሥዕል ክፈፍ ይመስላል፤ ጠጋ ብሎ ወደ ውስጥ ላየ ግን በመስታወት የተሠራ ሣጥን ነው፣ ከሥሩ ቪዲዮ ይሄዳል። ከብዙ አገር የተቀረጹ ምስሎች በመስታወቶቹ ተባዝተው እንደ ሉል ይጠቀለላሉ፣ በመካከላቸውም የተመልካቹ የራሱ ፊት ብቅ ይላል። የማያ ዴረን መስታወት ባዶ ነበር። የቴዎ መስታወት ውስጥ ራስህን የምታየው ከዓለም ጋር ተደባልቀህ ነው፤ ለብቻህ መታየት ብትፈልግ እንኳ አይፈቅድልህም። የዚህ ሥራ አንድ ቅጂ ዋሽንግተን በሚገኘው የስሚዝሶኒያን የአፍሪካ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ይዞታ ነው።

ከዚያ ወዲህ በ2005 ወደ ዝቋላ አቦ የሚወጡ ምእመናንን ተከትሎ የሠራው ቪዲዮ አለ። ለእኔ ከሥራዎቹ ሁሉ ቀላሉና ደስ የሚለው እሱ ነው፤ ተራራ የሚወጣ ሰው ማንነቱን አያብራራም፣ ይወጣል። በ2009 ደግሞ የአክሱም ሐውልትን መመለስ በ15 ስክሪኖች አቀረበው። 24 ሜትሩ ሐውልት በ1937 ወደ ሮም ተወስዶ፣ በ2005 ተመልሶ፣ በ2008 ነው ዳግም የቆመው። ቴዎ የስክሪኖቹን አደራደር የወሰደው የንግሥተ ሳባን ታሪክ በትናንሽ ሣጥን ከፋፍሎ ከሚተርከው ከአገራችን ሥዕል ነው። በ2017 በጀርመን፣ በካሰሉ የዶኩሜንታ ዐውደ ርዕይ ላይ ያሳየው «አትላስ ፍራክቸርድ» ግን ከሁሉም ይበልጥ ያከራክራል፤ አምስቱን አህጉራት በአምስት ጭምብል የወከለ የበርሊን ሙዚየም ትልቅ ሰንደቅ ወስዶ፣ በጭምብሎቹ ላይ የሕያው ሰዎችን ፊት አሳረፈባቸው። ፊቱ ጭምብሉን ይሞላል፣ ይንሸራተታል፣ አልገጥም ይላል። ሙዚየም ሰውን በዓይነት ከፍሎ የሚያስቀምጥ ተቋም ነውና የተነካው ቦታው ላይ ነው። እንዲያም ሆኖ፣ ከጉርድ ፎቶና ከ«ብሔር» መስመር ለመጣ ተመልካች ከካሰል ተመልካች ይልቅ ይህ ሥራ ይናገራል ባይ ነኝ። ጉድለቱም እሱ ነው፤ እዚህ ያየው የለም ማለት ይቻላል።

ወደ አዲስ አበባ ሰሜን ምሥራቅ እንመለስ። ከእንጦጦ ግርጌ በየካ በኩል ያለው ፈረንሳይ ለጋሲዮን ለዚህ ዓይነቱ ሥራ እንግዳ ሰፈር አይደለም። ቆንጂት ሥዩም በ1996 የከፈተችው አስኒ ጋለሪ በዚሁ አካባቢ ለዘመናዊ ሥነ ጥበብ ቤት ሆኖ ቆይቷል። በ2000ዎቹ ዓ.ም. ደግሞ ነጻ የሥነ ጥበብ መንደር እዚያው ፈረንሳይ፣ ሕዝብ በሚገባበት መናፈሻ ውስጥ ተመሠረተ። ከመሥራቾቹ አንዷ ሠዓሊና ገጣሚ ምሕረት ከበደ ናት፤ በ«ጦቢያ ግጥምን በጃዝ» የምናውቃት። አብዛኞቹ የአለ የሥነ ጥበብና ዲዛይን ትምህርት ቤት ልጆች ነበሩ፤ በ1950 ዓ.ም. በአለ ፈለገ ሰላም የተመሠረተው ይህ ትምህርት ቤት ዋና ሙያው ሥዕልና ቅርጻ ቅርጽ ነው፣ ቪዲዮ የመጣው ቆይቶ፣ በልጆቹ ጉጉት ነው። መናፈሻ ውስጥ መሆኑን አቅልለን አንየው። ሥራው ከጋለሪ በር ውጭ ሲሆን የሚያየው ሻይ ሊጠጣ የገባ፣ ከፍቅረኛው ጋር የተቀመጠ፣ ኳስ የሚጫወት የሰፈር ልጅ ነው፤ እሱ ደግሞ ካልገባው አልገባኝም ይላል።

«የሰፈር ልጅ» አልኩ። «የማን ልጅ ነህ?» ለሚለው ከአባት ስም ቀጥሎ የሚመጣው የአዲስ አበባ መልስ ይህ ነው፦ የፈረንሳይ ልጅ፣ የሾላ ልጅ፣ የቀበና ልጅ፣ የኮተቤ ልጅ። ከአያት በፊት ሰፈር ይቀድማል፤ አያቱ ከወሎም ከጉራጌም ከጅማም ይምጡ፣ ልጁ የፈረንሳይ ልጅ ነው። እንግዲህ ሰፈሩ ሲፈርስ፣ ነዋሪው ወደ ኮንዶሚኒየም ሲበተን፣ መልሱ ምን ይሆናል? ብርሃኑ አሻግሬ በቪዲዮና በአካላዊ ትርዒት ሲሠራ ይህን የከተማ መለወጥ ደጋግሞ ነክቶታል። በዚህ አቅጣጫ ገና ብዙ ይቀራል። በኮሪደር ልማቱ መንገድ ዳር ቤታቸው የተነሣ ሰዎች በስልካቸው የቀረጹት የመጨረሻ ምስል በየኪሱ አለ፤ ይህን አሰባስቦ የሚቆርጥ ደፋር እጅ ብቻ ነው የሚያስፈልገው።

ዕዝራ ውቤ ከዚህ ጋር የሚያያዝ ሥራ አለው። አዲስ አበባ ተወልዶ በ18 ዓመቱ ወደ አሜሪካ የሄደ፣ ኒው ዮርክ የሚሠራ ሠዓሊ ነው። አሠራሩ ትዕግሥት ይጠይቃል፤ አንድ ሸራ ላይ ይሥላል፣ ፎቶ ያነሣል፣ በላዩ ላይ ለውጦ ይሥላል፣ እንደገና ያነሣል። በመጨረሻ የሚቀረው አንድ ሥዕል ነው፤ ሌሎቹ ሁሉ ከሥር ተቀብረዋል፣ የሚገኙት በፊልሙ ውስጥ ብቻ ነው። «ሒሳብ» የተሰኘው ሥራው ሁላችንም በልጅነት የሰማነውን የአህያ፣ የፍየልና የውሻ የመኪና ጉዞ ይዞ ነው የሚነሳው፦ አህያዋ ከፍላ ወረደች፣ ፍየሏ ሳትከፍል ሮጠች፣ ውሻው መልሱን አልተቀበለም። ስለ ማንነት ነው ብሎ አንድም ቦታ አይናገርም። አዲስ አበባን ግን ከእንጦጦ ጫፍ ሳይሆን ከታክሲ መስኮት፣ ከመልስ ጭቅጭቅ ውስጥ ያያታል፤ ራስ ምታት ከሚሰጡኝ የመስታወት ፊልሞች አሥሩን በዚህ ሥራ እለውጣለሁ። ዕዝራ በ2008 ዓ.ም. የአዲስ ቪዲዮ አርት ፌስቲቫልን ጀመረ፤ ከተለያየ አገር የመጡ አጫጭር ቪዲዮዎች ከአዳራሽ ውጭም፣ ሰው በሚያልፍበት ቦታ፣ በከተማዋ ታዩ።

በልብ ወለድ አጭር ፊልም በኩል ያለው እንቅስቃሴ ከሙከራው ጋር ድንበሩ ቀጭን ነው። ሕይወት አድማሱ በ2015 ቬኒስ ላይ ያሳየችው «አዲስ ዓይኖች» የ12 ደቂቃ ፊልም ነው፤ ሰላም የምትባል የ13 ዓመት ልጅ በአካሏ ውስጥ የሚነቃውን አዲስ ስሜት ትከተላለች። ወንዶቹ ፊልም ሠሪዎች አያትና አገር ሲፈልጉ እዚህ ጥያቄው ገላ ላይ ወረደ። እኛ ቤት ስለዚህ አይወራም፣ ስለዚህ ፊልሙም ብዙ አያወራም። ጀሲካ በሺር ሜክሲኮ ተወልዳ ሐረር ያደገች፣ በ16 ዓመቷ የወጣች ናት፤ በ2017 ሳንዳንስ ላይ የቀረበው የ7 ደቂቃው ጥቁርና ነጭ ፊልሟ «ሃይራት» በሐረር ዳርቻ ጅብ የሚመግበውን ዩሱፍ ሙሜ ሳላህን ይከተላል። ይህ ሰው በቱሪስት ካሜራ ሺህ ጊዜ ተቀርጿል፣ እንደ ማገዶ ተሸካሚዎቹ ሴቶች። ጀሲካ ያንኑ ትርዒት ይዛ የሰውየውን ፍቅርና ብቸኝነት አወጣች፤ በ2021 «ፋያ ዳዪ»ን ስትሠራ ያንኑ መንገድ አስፍታ ሄደችበት። የቤዛ ኃይሉ «አልዓዛር» በ2024 በካን የሐያስያን ሳምንት ቀርቧል፤ በድርቅ በተመታ መንደር የአባት አስከሬን ከመቃብር ይጠፋል። እንደገና አባት፣ እንደገና የጠፋ ሰው።

የዳግማዊ ይመር «አስማት» ግን ይህን ሁሉ አንድ እርምጃ ያሳልፈዋል። ዳግማዊ አዲስ አበባ ተወልዶ ከ1997ቱ ዓ.ም. የምርጫ ቀውስ በኋላ ከአገር ወጣ፤ በሊቢያ አልፎ በ2006 ላምፔዱሳ ደረሰ። ጣልያን ውስጥ ካሜራ ያዘ፤ በ2008 ከአንድሬያ ሴግሬና ከሪካርዶ ቢያዴኔ ጋር «እንደ ሰው በምድር ላይ» የተሰኘውን ዘጋቢ ፊልም ሠራ፣ በሊቢያ በረሃ ስደተኞች ያዩትን ራሳቸው እየተናገሩ። ኦክቶበር 3 ቀን 2013 በላምፔዱሳ አጠገብ አንድ ጀልባ ሰጥሞ 368 ሰዎች ሞቱ፤ አብዛኞቹ ኤርትራውያን ነበሩ። ጣልያን ቁጥሩን ዘገበ፣ የሬሳ ሣጥኖቹን ደረደረ። ዳግማዊ በ2015 17 ደቂቃ ወሰደና የሟቾቹን ስም አስጠራ። የአንዲት ሴት ድምፅ ስሞቹን ከነትርጉማቸው ትጠራለች፤ ባሕር ይታያል፣ ሥዕል ይታያል፣ የሟቾቹ ፎቶ ግን አይታይም።

ይህ ፊልም ለምን እንደሚከብድ ለማየት የስማችንን ሥራ ማሰብ ይበቃል። እኛ ዘንድ ወላጅ ለልጁ ስም ሲያወጣ ምኞቱን፣ ስለቱን፣ የዘመኑን ሁኔታ ያስቀምጥበታል። ስሙን መጥራት ወላጁንም መጥራት ነው። ዳግማዊ የሞቱትን ሲጠራ የሞት ዝርዝር አላነበበም፤ የሸኟቸውን፣ ስም ያወጡላቸውን፣ ስልክ ሲጠብቁ የነበሩትን ሁሉ አስገባ። የፊልሙ ቋንቋ ለጣልያናዊ ተመልካች ጫና ነው፤ የማይገባውን ስም አንድ በአንድ ቁጭ ብሎ ይሰማል። ለትግርኛና ለአማርኛ ሰሚ ግን እያንዳንዱ ስም የሚታወቅ ቤት ነው። ከዚህ በላይ ከጠቀስኳቸው ሁሉ፣ ለባዳም ለዘመድም በአንድ ጊዜ፣ ግን እኩል ባልሆነ መንገድ፣ የተናገረው ይህ ብቻ ነው። «ማን ነኝ?» ብሎ አልጠየቀም፤ የራሱን ፊትም አላሳየም። በዚያ ጀልባ ላይ ሊሆን ይችል የነበረ ሰው መሥራቱን ግን እያንዳንዱ ደቂቃ ይናገራል።

ሙያው ውስጥ ያሉ ሰዎች ሲነጋገሩ የሚሰማው ቅሬታ አንድ ነው፦ አጭር ፊልም ገቢ የለውም። እውነት ነው። ሲኒማ ቤት ቲኬት የሚሸጠው ለረጅም ፊልም ነው፤ አጭሩ የሚሠራው በሠሪው ኪስ፣ በውጭ የባህል ተቋም ድጋፍ ወይም በፌስቲቫል ተስፋ ነው። የሚያስከፋው ውጤት ይህ ነው፤ ፊልሙ በመጀመሪያ የሚጻፈው የድጋፍ ማመልከቻ ለሚያነብ ዳኛ ነው። ማመልከቻ ላይ «ማንነት» የሚለው ቃል በር ይከፍታል። ስለዚህ በየዓመቱ ነጠላ ለብሳ በእንጦጦ ጫካ ዝም ብላ የምትራመድ ሴት፣ ጭስ፣ ቡና፣ የደወል ድምፅ ይመጣል። ይህ ድምፁ ተቀንሶ የተመለሰ የዘፈን ክሊፕ ነው እንጂ ሙከራ አይደለም። የኃይሌ የተማሪ ፊልሞች በሎስ አንጀለስ የዩኒቨርሲቲው ቤተ መዛግብት ተጠብቀው በ2011 በታላቅ ዝግጅት ታይተዋል፤ የቴዎ መስታወት ዋሽንግተን ነው። ለየካ ወጣት ግን ይህ ውርስ እንዳለ የነገረው የለም፤ ሁሉም ከዜሮ ይጀምራል፣ ለዚያም ነው ያቺኑ ሴት በዚያው ጫካ የምናያት።

መድኃኒቱ ውድ አይደለም። በብዙ ወረዳ የወጣት ማእከል አዳራሽ አለ፣ ፕሮጀክተርና ነጭ ግድግዳም አይጠፋም። «አወር ግላስ» 14፣ «ቻይልድ ኦቭ ሬዚስታንስ» 36፣ «ሃይራት» 7፣ «አስማት» 17፣ «አዲስ ዓይኖች» 12 ደቂቃ ናቸው፤ ተደምረው 86 ገደማ፣ ከአንድ የፍቅር ኮሜዲ ያንሳል። ባለመብቶቹን አስፈቅዶ በአንድ ቅዳሜ ከሰዓት ፈረንሳይ ላይ ማሳየት ይቻላል። በ«ሃይራት» ቢጀመር ይሻላል፣ ጅብ ማንንም ያስቀምጣል። «አስማት» መጨረሻ ላይ አይሁን፤ አዳራሹን ዝም ያሰኛል፣ ሰውም ሳይነጋገር ይበተናል። መጨረሻው «አዲስ ዓይኖች» ይሁን። እናቶችና ሴት ልጆቻቸው ጎን ለጎን ከተቀመጡ፣ «ይህ ፊልም ስለ ማን ነው?» የሚለውን ክርክር የሚያስጀምር ሌላ ሰው አያስፈልግም።